ከምርመራ ክፍል ወደ ቤተ መዛግብት፦ የፓሌርሞ ፖሊሶች የጻፉትን የማፊያ ታሪክ ማንበብ

ሮም በሚገኘው የጣሊያን ማዕከላዊ ቤተ መዛግብት ውስጥ በእጅ የተጻፈ አንድ የፖሊስ ሪፖርት አለ። ርዝመቱ 485 ገጽ ነው። የጻፈው ኤርማኖ ሳንጆርጂ ይባላል፤ በኦገስት 1898 የሲሲሊ ደሴት ዋና ከተማ የፓሌርሞ ፖሊስ አዛዥ ሆኖ የተሾመ፣ ከሰሜን ጣሊያን ከሮማኛ የመጣ ሰው ነው (እዚህ ያሉት ዓመቶች ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው)። ሪፖርቱ ከፓሌርሞ በስተምዕራብ ባሉት የሎሚ እርሻ ሰፈሮች ስምንት ቡድኖችን በስም ይጠራል፦ ፒያና ዴይ ኮሊ፣ አኳሳንታ፣ ፋልዴ፣ ማላስፒና፣ ኡዲቶሬ፣ ፓሶ ዲ ሪጋኖ፣ ፔርፒኛኖ እና ኦሊቩትሳ። የየቡድኑን አለቃ፣ አባላቱን፣ የታሰረን ሰው ቤተሰብ የሚረዱበትን የጋራ ገንዘብና በየቡድኑ እጅ የጠፋውን ሕይወት ተራ በተራ ያስቀምጣል።

ሳንጆርጂ ራሱን የታሪክ ጸሐፊ ብሎ አያውቅም። ሪፖርቱን የጻፈው ሰዎች እንዲከሰሱ ነው። በዚያው ዘመን ግን ከፖሊስ ሥራቸው ተነሥተው ለአንባቢ መጽሐፍ ያሳተሙ ሁለት ሹሞች ነበሩ። አንዱ የፕሪትሲ ተወላጅ ጁዜፔ አሎንጂ ሲሆን ስለ ማፊያ መንስኤና አሠራር በ1880ዎቹ አጋማሽ አሳተመ። ሁለተኛው አንቶኒኖ ኩትሬራ በ1900 ስለ ማፊያና ስለ ማፊዮሶዎች (ስለ ማፊያ ሰዎች) ጻፈ። ኩትሬራ በዚያ አላበቃም፤ በ1917 ከ1541 እስከ 1819 ድረስ በፓሌርሞ በሞት የተቀጡትን ሰዎች በየዘመናቸው ዘርዝሮ አሳተመ። የመርማሪነትን ሙያ ወደ ታሪክ ጸሐፊነት ያሻገረ ሰው ስፈልግ መጀመሪያ ትዝ የሚለኝ እርሱ ነው። ስለ ወንበዴ ይጽፍ የነበረው ሹም ወደ ኋላ ሄዶ በሦስት መቶ ዓመት ያህል ውስጥ በሞት የተቀጡትን በስማቸው መቁጠሩ የሥራውን ክብደት ያሳያል።

የእነዚህ ሰዎች ጽሑፍ ለምን ዋጋ እንዳለው ለመረዳት በጊዜው የተማረው ክፍል ምን ይል እንደነበር ማወቅ ያስፈልጋል። የሲሲሊ የባህል ጥናት አባት የሚባለው ሐኪሙ ጁዜፔ ፒትሬ በ1889 ማፊያ ማኅበርም ቡድንም አይደለም፣ ሕግም ደንብም የለውም፣ ሰው ስለ ክብሩ ያለው የተጋነነ ስሜት ነው ሲል ጽፎ ነበር። ይኼ አባባል ከመጽሐፍ አልፎ ፍርድ ቤት ገባ። የሲሲሊ ባንክ ዋና ዳይሬክተር የነበረው ኤማኑኤሌ ኖታርባርቶሎ ፌብሩዋሪ 1 ቀን 1893 በባቡር ላይ በጩቤ ተገደለ፤ በማስገደል የተከሰሰው የፓርላማ አባሉ ራፋኤሌ ፓሊትሶሎ ቦሎኛ ላይ ሲዳኝ ፒትሬ የመከላከያ ምስክር ሆኖ ቀረበ። ፓሊትሶሎ በ1902 ተፈረደበት፣ ሰበር ፍርዱን ሻረው፣ በ1904 ፍሎረንስ ላይ በነፃ ተሰናበተ። «ስሜት ነው» የሚለው አመለካከት የሚጠቅመው ማንን እንደነበረ ከዚህ ይታያል። ፖሊሶቹ ደግሞ በየቀኑ የሚያገኙት ስሜት አልነበረም። ስም ያለው ሰው፣ ሰፈር ያለው ቡድንና ከእርሻ የሚሰበሰብ ገንዘብ ነበር።

የእኛ አንባቢ «ማፊያ» ሲባል ብዙ ጊዜ ሽፍታን ያስባል። ልዩነቱን አጥብቄ መያዝ እፈልጋለሁ። ሽፍታ መንግሥትን ሸሽቶ ጫካ ይገባል። የፓሌርሞ ማፊዮሶ ግን ከቤቱ አይርቅም፤ የጦር መሣሪያ ፈቃድ በኪሱ አለው፣ ፈቃዱንም የሰጠው መንግሥት ነው፣ ሥራ ሲባል የሚጠራበት ግልጽ ሥራ አለው። ሥራው በአብዛኛው ጥበቃ ነው። የሎሚ እርሻ ገንዘብ የሚያወጣ ግን በቀላሉ የሚጎዳ ሀብት ነው። ሎሚው በመርከብ ወደ ለንደንና ኒው ዮርክ ይሄድ ነበር። በበጋ ውኃ ከተቋረጠበት ዛፉ ይደርቃል፤ በአንድ ሌሊት ፍሬው ሊሰረቅ ይችላል። ስለዚህ የአትክልቱን በር የሚይዘው ዘበኛና የመስኖ ተራ የሚያከፋፍለው የውኃ አባት ከባለቤቱ የበለጠ ጉልበት አላቸው።

የሐኪሙ የጋስፓሬ ጋላቲ ጉዳይ ይህን ቁልጭ አድርጎ ያሳያል። በ1872 አራት ሄክታር የሚሆን የሎሚ እርሻ ከነዘበኛው እጁ ገባ። ዘበኛው ከሽያጩ ከ20 እስከ 25 በመቶ ለራሱ ይወስዳል፣ ውኃ ለሚስበው የእንፋሎት ፓምፕ የሚገዛውንም ከሰል ይሰርቃል። ሐኪሙ ሲያሰናብተው ምትኩ ተተኩሶበት ሞተ። ቀጥሎ የመጣውም ተመታ። ጋላቲ በመጨረሻ ቤተሰቡን ይዞ ወደ ኔፕልስ ሸሸና በ1875 ለአገር ግዛት ሚኒስትሩ ረጅም ማስታወሻ ጻፈ። በዚያ ማስታወሻ መሠረት ኡዲቶሬ 800 ያህል ነዋሪ ኖሮት በ1874 ብቻ ቢያንስ 23 ሰዎች ተገድለውበታል። የፖሊስ መዝገብ የሚያነብ ሰው ይህን ዓይነት የተበዳይ ጽሑፍ ከጎኑ ማስቀመጥ አለበት። መርማሪው ስለ ግድያው ይጽፋል፤ ስለ ከሰሉና ስለ መቶኛው የሚነግረን ግን ገንዘቡ የተወሰደበት ሰው ነው።

አሁን ወደ መዝገቡ አሠራር ልግባ፤ ስሕተት የሚበዛው እዚህ ነው።

የፖሊስ ሪፖርት ለታሪክ ተብሎ አይጻፍም፤ የሚሰፋው በሕጉ ልክ ነው። ከ1890 መጀመሪያ አንሥቶ ይሠራበት የነበረው የጣሊያን የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ በአንቀጽ 248 «ለወንጀል የተባበሩ» ለማለት አምስት ወይም ከዚያ በላይ ሰዎች ይፈልግ ነበር። ይህ ቁጥር መዝገቡን ይቀርጸዋል። ሦስት ሰዎች በአንድ ግድያ ላይ ማስረጃ ቢገኝባቸው፣ መርማሪው ክሱ እንዲቆምለት አራተኛውንና አምስተኛውን ከዘመድ፣ ከጎረቤት፣ ከመጠጥ ቤት ጓደኛ ለማሟላት ይገፋፋል። ስለዚህ «ቡድን» የሚል ሪፖርት ሲገኝ ስሞቹን ሁለት ቦታ መክፈል ይበጃል፦ በተለየ ድርጊት የተጠቀሱትና «ከእነዚህ ጋር ይታያል» ከመባል በቀር ምንም ያልተጻፈባቸው። ሁለተኛው ዝርዝር ረጅም ከሆነ ቡድኑ በመርማሪው ብዕር ተሞልቶ ሊሆን ይችላል። ዛሬ የሚሠራበት የማፊያ አንቀጽ በሴፕቴምበር 1982 የወጣ ሲሆን ለእርሱ ሦስት ሰዎች ይበቃሉ፤ የሁለቱን ዘመን መዛግብት በቡድን ብዛት ማወዳደር የማይቻለው በዚህም ምክንያት ነው።

ከፍርድ ቤት ውጭ የሚሠራ ሌላ መሣሪያም ነበር። ፖሊስ የጠረጠረውን ሰው በማስጠንቀቂያ ሥር ያስገባል፣ ሲብስም ወደ ኡስቲካ ወይም ፋቪኛና ዓይነት ደሴት በግዞት ይልካል። ለዚህ ሙሉ ማስረጃ አያስፈልግም፤ «በሕዝብ ዘንድ በመጥፎ ይታወቃል» ማለት ይበቃል። እነዚህ ወረቀቶች ስለ ሰውዬው ጥፋት የሚሰጡት ማስረጃ ደካማ ነው። ስለ ኑሮው፣ ስለ ሥራው፣ ስለ ጋብቻውና ማን ዋስ እንደቆመለት ግን ወርቅ ናቸው። ዋሱን ሳያዩ ማለፍ ትልቅ ጥፋት ነው። አንድ የመሬት ባለቤት ወይም የምክር ቤት አባል ለአንድ ዘበኛ መልካም ጠባይ ሲመሰክር ዝምድናው በቀጥታ ይታያል።

ሌላው ወጥመድ የግልባጭ ሰንሰለት ነው። የሰፈር ጣቢያ አንድ ጥቆማ ይጽፋል። የከተማው አዛዥ ቃሉን ገልብጦ ለአገረ ገዥው ይልካል። አገረ ገዥው አሳጥሮ ለሚኒስቴሩ ያስተላልፋል። በሦስት ሳጥን ውስጥ ሦስት ቀንና ሦስት ማኅተም ያለው ወረቀት ያገኘ ሰው ሦስት ማስረጃ ያገኘ ይመስለዋል፤ የያዘው ግን የአንድ ጠቋሚ ቃል ነው። የሚለይበት መንገድ ቀላል ነው፦ ሁለቱን ጎን ለጎን አስቀምጦ ስሕተቶቹን ማመሳከር። የተጣመመ የአባት ስም፣ የተሳሳተ ዕድሜ ወይም ያልተለመደ ሐረግ በሁለቱም ላይ ከተደገመ አንዱ ከሌላው ተገልብጧል። ወደ ላይ በወጣ ቁጥር ደግሞ «ይባላል» የሚለው ቃል እየወደቀ «ነው» ይሆናል። ስለዚህ ከሁሉ የታችኛውን ወረቀት መፈለግ ይገባል፤ እርሱ ብዙ ጊዜ የሚገኘው ሮም ሳይሆን ፓሌርሞ ነው።

ስም። ሲሲሊ ውስጥ የመጀመሪያ ወንድ ልጅ የአባቱን አባት ስም ይወርሳል። አንድ አያት አራት ወንዶች ልጆች ካሉት፣ በአንድ መንደር አንድ ዓይነት ስምና አንድ ዓይነት የቤተሰብ ስም ያላቸው አራት የአጎት ልጆች ይኖራሉ። የድሮው የጣሊያን መዝገብ ይህን የሚፈታው በአባት ስም ነው፦ አባት በሕይወት ካለ «ዲ»፣ ከሞተ «ፉ» ይጻፋል። ይህች ትንሽ ቃል ሁለት ነገር ትሠራለች፤ ሰውን ከዘመዱ ትለያለች፣ ሰነዱ ከአባትየው ሞት በፊት ይሁን በኋላ እንደተጻፈም ትናገራለች። ስለዚህ ለእያንዳንዱ ሰው የሚያዘው ካርድ ቢያንስ ስም፣ የአባት ስም ከነ«ዲ» ወይም «ፉ»፣ የእናት ስም፣ የትውልድ ቦታና ዓመት፣ የሚታወቅበት ቅጽል፣ ሥራና የሚሠራበትን እርሻ መያዝ አለበት። ከእነዚህ አራቱ እስካልገጠሙ ድረስ ሁለት ካርዶችን አንድ አለማድረግ ነው። እኛ በአባት ስም የምንጠራ ሕዝቦች የዚህን ክብደት ለመረዳት አስተማሪ አያሻንም። እዚያው ፓሌርሞ፣ በ2016 አንድ ኤርትራዊ ወጣት በሰው አሻጋሪነት የሚፈለግ ታላቅ አለቃ ነው ተብሎ ከካርቱም ተላልፎ መጣ፤ ሦስት ዓመት ታስሮ ከተከራከረ በኋላ ፍርድ ቤቱ በጁላይ 2019 የሚፈለገው ሰው እርሱ አለመሆኑን ወስኖ ፈታው። የመጀመሪያ ስማቸው አንድ ነበር።

የፖሊስ መዝገብ ፖሊስንም ይደብቃል። በ1871 የፓሌርሞ ጠቅላይ ዐቃቤ ሕግ ዲየጎ ታያኒ የከተማውን የፖሊስ አዛዥ ጁዜፔ አልባኔዜን ከወንጀለኞች ጋር በማበር ከሰሰ። አልባኔዜ በማስረጃ እጦት ተለቀቀ፤ ታያኒ ሥራውን ለቀቀ፣ በ1875 በፓርላማ ቆሞ ማፊያ የሚያስፈራው ራሱ ስላለው ጉልበት ሳይሆን የአካባቢ አስተዳደር መሣሪያ ስለሆነ ነው የሚል ሐሳብ አቀረበ። በዚያ ዘመን የተጻፈ የፖሊስ ሪፖርት አንድን ቡድን ሲያወግዝ ሌላውን ለምን ዝም እንዳለ መጠየቅ ግድ ነው። አንዱ ቡድን ጠቋሚ ይሆናል፣ በምላሹ ይታለፋል፤ ወረቀቱ የሚሞላው በተቀናቃኞቹ ስም ብቻ ነው።

ከላይ ያለው መንግሥትም ሲለወጥ ወረቀቱ ይለወጣል፤ እዚህ ላይ የእኛ ታሪክ በእውነት ይገባል። ሲሲሊያዊው ጠቅላይ ሚኒስትር ፍራንቼስኮ ክሪስፒ በ1894 መጀመሪያ የሲሲሊ ገበሬዎችን ማኅበራት በጦር ኃይል በተነ። በማርች 1896 ከዐድዋ ሽንፈት በኋላ ከሥልጣን ወረደ። የተካው ዲ ሩዲኒ ወዲያው በዚያው ዓመት ለደሴቲቱ ልዩ ኮሚሽነር ላከ፤ ሳንጆርጂ ፓሌርሞ የደረሰው ደግሞ ጄኔራል ፔሉ በ1898 ጠቅላይ ሚኒስትር ከሆነ በኋላ ነው። ስለ ሲሲሊ ማፊያ በ1876 እጅግ ጥልቁን ጥናት የጻፈው፣ ጉልበትን እንደ ንግድ ሥራ የተነተነው ባሮን ሌኦፖልዶ ፍራንኬቲም የእኛው ደጋ ያውቀዋል፤ በ1890ዎቹ መጀመሪያ ኤርትራ ላይ የጣሊያን ገበሬዎችን የማስፈር ሥራ የመራው እርሱ ነው። መሬት መወሰዱ ካስነሣው ቁጣ መካከል ደጃዝማች ባህታ ሐጎስ በዲሴምበር 1894 አመፁ፣ ሐላይ ላይም ወደቁ። ሲሲሊ ውስጥ ባላባትና ጉልበተኛ ገበሬውን እንዴት እንደሚቀሙት እንዲያ አጥርቶ ያየ ዓይን፣ የአካለ ጉዛይን ርስት ባለቤት አለማየቱ ያሳዝነኛል።

ወደ ኩትሬራ ልመለስ፤ ካርታም ሠርቶ ነበር። በ1900 መጽሐፉ ላይ የሲሲሊን ወረዳዎች በማፊያ ብርታት ደረጃ በደረጃ ለይቶ አሳይቷል። የኢኮኖሚ ተመራማሪዎቹ አሴሞግሉ፣ ዴ ፌኦና ዴ ሉካ በ2020 ባሳተሙት ጥናት ይህንን መረጃ ከ1893 ከባድ ድርቅ ጋር አገናኝተው፣ ድርቁ የበረታባቸው ቦታዎች የገበሬ ማኅበራት እንደጠነከሩባቸውና ባለመሬቶች ማኅበራቱን ለመስበር ወደ ማፊያ እንደዞሩ አሳይተዋል። አንድ የፖሊስ ሹም በየጣቢያው ካለው ዕውቀት ያጠናቀረው ሰንጠረዥ ከመቶ ዓመት በኋላ ለስሌት መዋሉ ክብር የሚገባው ነው። ግን ካርታው የሚለካው ፖሊስ ያየውን መሆኑ አይዘነጋ። ተቀናቃኝ የሌለው አለቃ የያዘው ወረዳ ሬሳ አያወጣም፣ ጸጥ ያለ ሆኖ ይታያል፤ ሁለት ቡድን የሚጣሉበት ደግሞ የማፊያ መናኸሪያ ይመስላል። በየወረዳው ያሉ ዳኞች ማፊያን በሚመለከት የሰጡት መልስ ያለበት የ1880ዎቹ የፓርላማ ጥናት ስላለ፣ ሁለቱን ወረዳ በወረዳ ማመሳከር ይቻላል፤ ከድርቁ በፊትና በኋላ ማለት ነው። የሚለያዩባቸው ወረዳዎች ናቸው ሥራ የሚጠይቁት።

ለቤተ መዛግብት ሥራ አንድ ተግባራዊ ነገር፦ በጣሊያን ሕግ ስለ ወንጀል ጉዳይ መረጃ ያለበት ሰነድ ለ40 ዓመት፣ የአገር ውስጥና የውጭ ፖለቲካ ምስጢር ለ50፣ ጤናንና የቤት ውስጥ ምስጢርን የሚነካ ለ70 ዓመት ይዘጋል። በአንድ አቃፊ ውስጥ አንድ የሐኪም ወረቀት ካለ ቀሪው ክፍት ሆኖ ያ ወረቀት ሊነሣ ይችላል፤ ስለዚህ የገጽ ቁጥሮቹን መቁጠርና የጎደለውን መመዝገብ ይገባል። ሌላው፣ የፍርድ ውሳኔና የምርመራ መዝገብ የሚቀመጡት በተለያየ ቦታ ነው። ውሳኔው ብቻ ከተነበበ ፍርድ ቤቱ ያልተቀበለው ሁሉ ይቀራል።

ጋዜጣም ባለቤት አለው። ፓሌርሞ ላይ «ሎራ» የተባለው ጋዜጣ በአፕሪል 1900 መታተም ጀመረ፤ ያቋቋመው የደሴቲቱ ታላቅ ከበርቴ የፍሎሪዮ ቤት ነው። ሳንጆርጂ በሪፖርቱ የጠቀሳቸውን ሰዎች በጅምላ ያሳሰረው በዚያው ወር፣ ከ27 ወደ 28 በሚያነጋው ሌሊት ነው። በሪፖርቱ ደግሞ የኦሊቩትሳ ቡድን መሪዎች የተባሉት የኖቶ ወንድማማቾች እዚያው ፍሎሪዮ ቤት በአትክልተኛነትና በዘበኛነት የሚሠሩ ሰዎች ናቸው። በ1897 ከመኖሪያ ቤቱ ዕቃ ተሰረቀ፣ ዕቃው ሳይቆይ ወደነበረበት ቦታ ተመለሰ፣ ሰረቁ የተባሉት ሁለት ሰዎች በዚያው ዓመት ኦክቶበር ላይ ተገደሉ። ባለጸጋው ለፖሊስ ሳይሆን ለዘበኞቹ ነበር የተናገረው። ይህን የሚያውቅ አንባቢ የዚያን ሰሞን ጋዜጣ ሲገልጥ ምን እንደተዘለለም ይፈልጋል።

የሳንጆርጂ ዋና ምስክር ፍራንቼስኮ ሲኖ ነበር። የማላስፒናው አለቃ ሲሆን፣ ከፓሶ ዲ ሪጋኖው የጃሞና ቤተሰብ ጋር በተደረገው ጦርነት ተሸንፎ በ1899 መገባደጃ ለፖሊስ አፉን ከፈተ። ተሸናፊ በመሆኑ የጃሞናን እጅ ያገዝፋል፣ የራሱን ያሳንሳል፤ ቃሉ ሲነበብ ይህ ሚዛን መያዝ አለበት። ችሎቱ በሜይ 1901 ሲከፈት ሲኖ የተናገረውን ሁሉ ካደ። ከ89 ተከሳሾች 32ቱ ለወንጀል በመተባበር ብቻ ተፈረደባቸው፣ ብዙዎቹም የታሰሩበት ጊዜ ተቆጥሮላቸው በማግስቱ ወደ ቤታቸው ሄዱ። ለፍርድ ቤቱ የሲኖ ክህደት የመጀመሪያውን ቃል አፈረሰው። ለታሪክ ግን ሥራው እዚያ ይጀምራል፦ ያለ ሲኖ ሊረጋገጥ የሚችለውን ከእርሱ ቃል መለየት። ማን በየትኛው እርሻ ዘበኛ እንደነበር የኪራይ ውል ይናገራል። ማን መሣሪያ የመያዝ ፈቃድ እንደነበረው የፖሊስ መዝገብ ይናገራል። የማን ልጅ ማንን እንዳገባ የቤተ ክርስቲያን መዝገብ ይናገራል። ጣሊያን አንድ ማፊያ፣ አንድ አመራር እንዳለው በመጨረሻው ችሎት ያጸደቀችው በጃንዋሪ 30 ቀን 1992 ነው፤ ስምንቱ ሰፈሮች በሳንጆርጂ የእጅ ጽሑፍ ላይ ከሰፈሩ 92 ዓመት ገደማ ሆኖ ነበር።